ሳውዲ ሰው ቤት ለምትገቢ እህቴ፣ የመጀመሪያዎቹን ወራት እንዴት ትይዢያቸዋለሽ

እህቴ ገና ቦሌ ሳትደርሺ ኮንትራትሽንና ፓስፖርትሽን ፎቶ አንስተሽ በኢሞ ለእናትሽ ላኪው፣ ስልክ ይቀማል ይሰበራል፣ እናትሽ ጋ ያለው ግን አይጠፋም።

ቤት ስትገቢ ያልገባሽን ነገር "አይዋ" (አዎ) ብለሽ እንዳታልፊ። እኔ ሪያድ በገባሁ በሳምንቴ ማዳም "ባርድ" ስትለኝ አይዋ አልኩና የህፃኑን የሱፍ ሹራብ በፈላ ውሃ አጠብኩት፣ ሲወጣ ለአሻንጉሊት እንኳን አይበቃም፣ ቀዝቃዛ ማለቷ ነበር። "ማ ፈሂምት" አልገባኝም ማለት ነው፣ ሳታፍሪ በያት።

ሀማም (መታጠቢያና ሽንት ቤት) ስታጥቢ ክሎሮክስ የሚሉትን በረኪናና ፍላሽ የሚሉትን አሲድ ያለበት የሽንት ቤት ማፅጃ በፍፁም አትደባልቂ፣ ጭሱ ሳንባ ያቃጥላል ሰው ይገላል፣ መስኮት ከፍተሽ አንዱን በደንብ በውሃ አጥበሽ ሳትጨርሺ ሌላውን አታፍሺ።

ረመዳን ከባድ ነው፣ ከዙህር (ከቀትር ሶላት) ጀምሮ ሳምቡሳ ስትጠብሺ ውለሽ ሌሊቱን ለሱሁር (ጎህ ሳይቀድ ለሚበላው ምግብ) ትቆሚያለሽ፣ ስለዚ ገና ሳይገባ ስንት ሰዓት ነው የምተኛው ብለሽ ተነጋገሪ። ከ2024 ኦክቶበር ጀምሮ በሚሰራው የሳውዲ ደንብ ስራ በቀን ከ10 ሰዓት አያልፍም፣ በሳምንት 24 ሰዓት እረፍት አለሽ፣ ፓስፖርትሽንም መያዝ አይችሉም። ብዙ ቤት ይሄን አያከብርም አውቃለሁ፣ ግን መብትሽን አውቀሽ ስትጠይቂ አጠያየቅሽም ይለያል። ከመቱሽ ደግሞ በአንሶላ ከፎቅ ለመውረድ እንዳትሞክሪ በእናትሽ፣ ሪያድም ጅዳም 911 ደውዪ።

ደሞዝ ላይ ግን አደራ። የመጀመሪያዋ ማዳሜ "እኔ ጋ ይጠራቀምልሽ" ብላኝ እኔም ደስ ብሎኝ 7 ወር ተውኩላት፣ ስጠይቃት የትኬት የኢቃማ (የመኖሪያ ፈቃድ) እያለች ቆራርጣ የ4 ወር ሰጠችኝ፣ የኛው አዋጅ 923/2008 እነዚህን አሰሪው ይከፍላል እንደሚል ያኔ ማን ነግሮኝ። ከዛ በኋላ በየወሩ ተቀበልኩ፣ ፍራሼ ስር በነበረች ደብተር ቀኑንም ሪያሉንም እየፃፍኩ። አሁን ደሞዝ በባንክ ወይ በስልክ ዋሌት እንዲገባ ተደርጓል፣ ካርዱም የሚስጥር ቁጥሩም አንቺ ጋ ይሁን።

ከመሄድሽ በፊት ሀገር ቤት በራስሽ ስም ሂሳብ ክፈቺ፣ በወንድም በአባት ስም አይደለም። መጀመሪያ የራስሽን አስገቢ፣ ለቤተሰብ ከተረፈው ላኪ። ሲደውሉ "ባንክ ገብቷል" በያቸው፣ የመጀመሪያ ሁለት ወር ይቀየማሉ፣ በሦስተኛው ይለምዱታል።