«ብሌክ» የሚለውን ስም ለልጅ ሲያወጡ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ብሌክ በእንግሊዝኛ በአንድ ትንፋሽ የሚያልቅ፣ ወንድም ሴትም የሚጠሩበት ስም ነው። ከንፈር ገጥሞ በ«ብ» ይጀምርና በ«ክ» ቁርጥ ይላል፤ ከዚህ በላይ ሊያጥር አይችልም። ወላጆች የሚወዱለትም ይህንን ቁጥብነቱን ይመስለኛል። ነገር ግን ስሙ ስላጠረ ታሪኩም ያጠረ የሚመስላቸው ብዙዎች ናቸው። በተለይ በአሜሪካ ልጅ የሚያሳድጉ ወገኖቻችን ስሙን ከመወሰናቸው በፊት የሚከተሉትን ቢያውቁ ለልጁም ለቤተሰቡም ይበጃል።

ትልቁ ስህተት ለስሙ አንድ ትርጉም ብቻ መስጠት ነው። የስም መጻሕፍትን የሚያገላብጥ ሰው በአንዱ ላይ «ጥቁር»፣ በሌላው ላይ «የነጣ፣ የሚያበራ» የሚል ፍቺ ያገኝና አንደኛው ተሳስቷል ብሎ ይደመድማል። ሁለቱም ግን መሠረት አላቸው። በጥንታዊው እንግሊዝኛ በአናባቢያቸው ብቻ የሚለያዩ ሁለት ቃላት ነበሩ፤ አንዱ ጠቆር ያለውን፣ ሌላው የገረጣውን ወይም የሚያንጸባርቀውን ያመለክታሉ። በመካከለኛው ዘመን የሁለቱ አነጋገርና አጻጻፍ እየተቀላቀለ በመሄዱ፣ በቆየ ሰነድ ላይ ብሌክ ተብሎ የተጻፈ ሰው ጠጉሩ የጠቆረ ይሁን ወይም መልኩ የገረጣ ከስሙ ብቻ መለየት አይቻልም። የቋንቋ አጥኚዎች ሁለቱንም ቃላት «መንደድ፣ ማብራት» ወደሚል ጥንታዊ ሥር ይመልሷቸዋል። ምድጃ ፊት የተቀመጠ ሰው ነገሩ ቶሎ ይገባዋል፤ ነበልባሉ ያበራል፣ ከሰሉ ይጠቁራል፣ እሳቱ ግን አንድ ነው። እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች በረኪናን የሚጠሩበት «ብሊች» የሚለው ቃልም የዚሁ ስም ዘመድ ነው። ስለዚህ አያት በስልክ «ለመሆኑ ትርጉሙ ምንድን ነው?» ብለው ሲጠይቁ፣ እኛ ዘንድ ስም ፍቺ አለውና መጠየቃቸውም አይቀርም፣ ሁለቱንም መንገር ተገቢ ነው።

ስሙ ከጥንት ጀምሮ ለሕፃናት ይወጣ ነበር ብሎ ማሰብም ልክ አይደለም። መጀመሪያ በሰው መልክ የወጣ ቅጽል ነበር፤ ቀጥሎ የቤተሰብ ስም ሆነ፤ ከ1757 እስከ 1827 የኖረው የለንደኑ ባለቅኔና ሠዓሊ ዊሊያም ብሌክም የሚታወቀው በዚህ መልኩ ነው። የመጠሪያ ስም የሆነው ከዚያ በኋላ ነው።

ሌላው ስህተት «ለሁለቱም ጾታ ይሆናል» የሚለውን «በሁለቱም እኩል ይሠራበታል» ብሎ መረዳት ነው። በአሜሪካ ብሌክ ለረጅም ጊዜ ይበልጥ የወንድ ስም ሆኖ ቆይቷል፤ በ1989 የተወለደው የቀድሞው የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ብሌክ ግሪፊን አንዱ ምሳሌ ነው። በ1987 የተወለደችው ተዋናይት ብሌክ ላይቭሊ ደግሞ ስሙ በሴት ላይ እንዲለመድ ካደረጉት መካከል ናት። የአሜሪካ የሶሻል ሴኩሪቲ አስተዳደር በየዓመቱ የሚያወጣው የስሞች ዝርዝር የወንዱን ለብቻ፣ የሴቱን ለብቻ ስለሚቆጥር ሁለቱንም ሳያዩ መወሰን አይገባም። ዝርዝሩ እያንዳንዱን አጻጻፍ እንደ ሌላ ስም እንደሚቆጥርም ማስታወስ ያሻል። ስሙን «የሴት ለማስመሰል» መካከሉ ላይ «ዋይ» (Y) የሚባለውን የእንግሊዝኛ ፊደል የሚጨምሩ ወላጆች ልጃቸውን ዕድሜ ልኳን ስሟን ፊደል በፊደል እየቆጠረች እንድትናገር ይፈርዱባታል፤ በእኔ እምነት ይህ ትርፍ የሌለው ድካም ነው።

በአማርኛ ሲጻፍ የሚፈጠረው ስህተት ከዚህ የባሰ ነው። አንዲት የማውቃት እናት የልጇን ስም በቫይበር «ብላክ» ብላ ጽፋ ለአያቲቱ ላከች፤ ያነበበላቸው የጎረቤት ልጅም «ጥቁር ማለት እኮ ነው» አላቸው፤ አሮጊቷም ሰነባብተው በስልክ እስኪረዱት ድረስ ቅር እንዳላቸው ነበሩ። ትክክለኛው አጻጻፍ «ብሌክ» ነው። በዚህ አጻጻፍ ስሙ ለአማርኛ ጆሮ ከብሌን ጋር ስለሚቀራረብ፣ ብሌንም የዓይን ብሌን ከሚለው የመጣ የታወቀ የሴት ስም ስለሆነ፣ ዘመድ ሳይጠይቅ «እንዴት ናት?» ቢል አይደንቅም። ወንድ ልጅ ያላቸው ወላጆች ይህን አስቀድመው ቢያስቡበት መልካም ነው።

ጾታን የማይገልጽ ስም አማርኛንም ጾታ የማይገልጽ ያደርገዋል ብሎ መጠበቅም ከንቱ ነው። ደስታ ወይም ዓለም የሚባል ሰው ደብዳቤ ሲልክልን «አቶ» እንበል ወይስ «ወይዘሮ» እያልን እንቸገራለን፤ ሰውየው ወይም ሴትየዋ በር ላይ ሲደርሱ ግን «ግባ» ወይም «ግቢ» ማለታችን ግድ ነው። ብሌክም በወረቀት ላይ እንጂ በቤት ውስጥ አይሸሸግም። በኦርቶዶክስ ቤተሰብ ደግሞ ወንዱ በ40፣ ሴቷ በ80 ቀን ሲጠመቁ የሚሰጣቸው የክርስትና ስም፣ ወልደ ገብርኤል ወይም ወለተ ማርያም ብሎ ጾታውን ይናገራል። እምነትን፣ አገርን፣ ትርጉምን ሁሉ በዚህ አጭር ስም ላይ ለመጫን የሚጨነቁ ወላጆች ልጁ ይህ ሌላ ስምም እንዳለው ባይረሱ ጥሩ ነው።

በመጨረሻ፣ ስሙን ከአባት ስም ጋር ጮክ ብሎ ሳይጠሩ መመዝገብ አይገባም። «ብሌክ ከበደ» ሲባል ሁለቱ «ክ»ዎች ይጋጩና አንዱ ይዋጣል። «ብሌክ ተስፋዬ» ሲባል ግን ሁለቱም ጥርት ብለው ይሰማሉ። «ብሌክ አበራ» ደግሞ ከጥንቱ ትርጉም ከአንደኛው ጋር ይገጥማል፤ አባቱ አበራ ለሚባል ልጅ ከዚህ የተሻለ እንግሊዝኛ ስም ማግኘት ይከብዳል።