የጭራቅ ጥርስና የኑግ ሸረሪት፦ ለሃሎዊን ምሽት ደሴ ላይ የሚሠራ ከረሜላ

በቆላና በባሕር ዳርቻ ለሚኖር ሰው የተጻፈን የከረሜላ አሠራር ደሴ ላይ እንዳለ የሚሞክር ሰው፣ መመሪያውን ቃል በቃል ቢከተልም እንኳ ስኳሩን ከታሰበው በላይ ደርቆና ቢጫ ሆኖ ያገኘዋል። እኔም የመጀመሪያውን ድስት ያበላሸሁት በዚሁ ምክንያት ነው። ከአሜሪካ የመጡት የእህቴ ልጆች ሃሎዊን እንዳይቀርባቸው ስለለመኑኝ፣ የሰፈሩን ልጆች ጨምረን ቤት ውስጥ አንድ የማስፈራሪያ ምሽት ለማዘጋጀት ተነሣን፤ ያኔም ከስኳሩ ሌላ የሚታሰብበት ጉዳይ እንዳለ ተረዳሁ። እንደ ወሎ ቤት ሁሉ በእኛም ቤት ሙስሊሙና ክርስቲያኑ፣ ጿሚውና የማይጾመው ልጅ ጎን ለጎን ስለሚቀመጥ፣ ጣፋጩ ሁሉም ሳይጠይቅ ከአንድ ትሪ የሚያነሣው መሆን ነበረበት።

ሃሎዊን በፈረንጆች ኦክቶበር 31 ምሽት የሚከበር ሲሆን፣ ስሙን ያገኘው ምዕራባውያን ክርስቲያኖች በማግስቱ ኖቬምበር 1 ከሚያከብሩት የቅዱሳን ሁሉ በዓል ዋዜማ ነው። በእኛ አቆጣጠር ጥቅምት 21 ላይ ይውላል፤ ጳጉሜን ስድስት ቀን ከሆነች በኋላ በሚመጣው ዓመት ግን፣ ለምሳሌ በ2020 ዓ.ም.፣ ጥቅምት 20 ይሆናል። ልጆች ጭምብል አጥልቀው ከቤት ቤት እየዞሩ ከረሜላ መሰብሰባቸው፣ በቡሄ ሆያ ሆዬ እያሉ ሙልሙል ሲሰበስቡ ያየ ሰው ብዙም አይደንቀውም። የራስ ቅልና መቃብር ማሳየት ለአንዳንድ ወላጆችና ለአያቶች ደስ ስለማይላቸው፣ እኔ በእነዚህ ፈንታ ጭራቅን፣ ጅብንና ሸረሪትን መርጫለሁ። ማታ ማታ ተረት ሲሰማ ያደገ ልጅ ከአጽም ይልቅ ጭራቅን ይፈራል። የሚጋበዙትን ልጆች ወላጆች አስቀድሞ ማነጋገርም ተገቢ ነው።

በመደብር የሚሸጡት ለስላሳና የሚለጠጡ ከረሜላዎች አብዛኛውን ጊዜ የሚረጉት በጄላቲን ነው። ጄላቲን ከአሳማ ወይም ከከብት ቆዳና አጥንት ስለሚወጣ ሙስሊሙም ኦርቶዶክሱም ጥያቄ ያነሣበታል፤ ከከብት የወጣ ቢሆንም እንኳ ማን እንዳረደው ስለማይታወቅ፣ ለሠርግ ድግሱ የሙስሊምና የክርስቲያን ሥጋ ለይቶ በሚያቀርብ አገር ነገሩ ቀላል አይደለም። ቅቤ፣ ወተትና እንቁላል ደግሞ በዓሉ ረቡዕ ወይም ዓርብ ላይ ሲውል፣ በ2018 ዓ.ም. ዓርብ እንደዋለው ማለት ነው፣ የሚጾመውን ልጅ ከትሪው ያርቁታል። ስለዚህ እዚህ የሚያስፈልጉት ስኳር፣ ሎሚ፣ ማር፣ ኑግ፣ ኦቾሎኒ፣ ፈንዲሻ፣ ተምር፣ ብርቱካን፣ ሰሊጥ፣ ከርከዴ፣ የበቆሎ ስታርች፣ ጨውና የምግብ ዘይት ብቻ ናቸው።

ወደ ድስቱ ከመሄዳችን በፊት የከፍታው ነገር መታወቅ አለበት። ከረሜላ የሚሠራው የስኳሩን ውሃ እያተነኑ በማወፈር ሲሆን፣ ሽሮፑ ምን ያህል እንደወፈረ የሚነግረን የሚፈላበት የሙቀት መጠን ነው። በባሕር ወለል ላይ ውሃ በ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይፈላል፤ 2,500 ሜትር ገደማ ከፍታ ባላት ደሴ ግን የአየሩ ግፊት ዝቅተኛ ስለሆነ በ92 ዲግሪ ገደማ፣ ዝቅ ብላ በምትገኘው ኮምቦልቻ ደግሞ በ94 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። የስኳሩም መፍያ በዚያው ልክ ስለሚወርድ፣ ባሕር ወለል ላይ 150 ዲግሪ የሚል መመሪያ ደሴ ላይ 142 ማለት ነው። ቴርሞሜትር ያለው ሰው መጀመሪያ ንጹሕ ውሃ አፍልቶ የሚያሳየውን ቁጥር ይመዝግብ፤ ቁጥሩ ከ100 የሚያንስበትን ያህል ከማንኛውም የውጭ አሠራር ላይ ይቀንስ። ቴርሞሜትር የሌለው ሰውም አይጨነቅ፤ በቀዝቃዛ ውሃ የሚደረገው ሙከራ ከፍታ ስለማይለውጠው እንዲያውም ይበልጥ የሚታመን ነው።

የሁሉም መሠረት የሆነውን ደረቅ ከረሜላ ለመሥራት 400 ግራም ስኳር፣ 150 ሚሊ ሊትር ውሃና አንድ የሻይ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂ ታችው ወፍራም በሆነ ድስት ውስጥ ይደረጋል። ስስ ድስት አንዱን ቦታ አሳርሮ ሌላውን ጥሬ ስለሚተው አይመከርም፤ ከሰልም ቢሆን እሳቱን በቶሎ መቀነስ ስለማይቻል ቡታጋዝ ወይም የኤሌክትሪክ ምድጃ ይሻላል። ስኳሩ እስኪሟሟ ድረስ በለስላሳ እሳት ይማሰላል፤ መፍላት ከጀመረ በኋላ ግን ማማሰያው ፈጽሞ አይገባበትም። ይህን ያህል የምጠነቅቀው ያለ ምክንያት አይደለም፦ በድስቱ ግድግዳ ላይ የተጣበቀች አንዲት የስኳር ቅንጣት ተመልሳ ከገባች፣ ሌሎቹ ሁሉ በእርሷ ዙሪያ ተሰባስበው እንደ ብርጭቆ መጥራት የነበረበት ሽሮፕ ወደ ሸካራ ስኳር ይመለሳል። ይህን ለመከላከል እንደፈላ ድስቱን ለሁለትና ሦስት ደቂቃ መክደን ነው፤ እንፋሎቱ ወርዶ ግድግዳውን ያጥበዋል። ሎሚውም የሚገባው ለጣዕም ብቻ ሳይሆን፣ ኮምጣጣነቱ ከስኳሩ ከፊሉን ወደ ግሉኮስና ፍሩክቶስ ስለሚከፍለው እርስ በርሱ እንዳይጋገር ስለሚያደርግ ነው።

ከ15 ደቂቃ ገደማ በኋላ አረፋው ትልልቅና ቀርፋፋ ሲሆን ሙከራው ይጀመራል። ድስቱ ከእሳት ላይ ወረድ ይደረግና ከሽሮፑ ጥቂት ጠብታ በቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ይጣላል። በጣት ሲያዝ ለስላሳ ድብልብል ከሆነ ገና ነው፤ ጠንከር ያለ፣ ቅርጹን የሚይዝ፣ ነገር ግን ሲጫኑት የሚታጠፍ ድብልብል ከሆነ ለፈንዲሻው ደርሷል፤ ክር ሆኖ ሲታጠፍ ቀጭ ብሎ ከተሰበረ ለደረቅ ከረሜላ ደርሷል። በዚህ መጨረሻ ላይ ነገሩ በፍጥነት ስለሚለዋወጥ ስልክ ሲጠራ እንኳ ከምድጃው መራቅ አይገባም።

ልጆች በዚህ ሥራ ጊዜ ማእድ ቤት መግባት የለባቸውም። ትኩስ ሽሮፕ ከፈላ ውሃ የበለጠ የሚሞቅ ብቻ ሳይሆን ቆዳ ላይ ስለሚጣበቅ ጉዳቱ ጥልቅ ነው። ቃጠሎ ከደረሰ ቦታውን ወዲያውኑ በሚፈስ ንጹሕ ውሃ ሥር 20 ደቂቃ ያህል ማቆየት ነው፤ የጥርስ ሳሙና፣ ቅቤ ወይም ቡና መቀባት ቁስሉን ያባብሰዋል። የቃጠሎው ስፋት ከእጅ መዳፍ ከበለጠ ወይም ፊት ላይ ከሆነ ወደ ሕክምና መሄድ ያስፈልጋል።

ከደረሰው ሽሮፕ የመጀመሪያው ሥራ የተሰበረ መስታወት ነው። አንድ ትልቅ የብረት ትሪ ዘይት በስሱ ይቀባና ሽሮፑ ስስ ሆኖ ይፈስበታል። የኮባ ቅጠል ላይ ለማፍሰስ የሚያስብ ካለ እኔ ሞክሬው አልሆነልኝም፤ ቅጠሉ ከሙቀቱ የተነሣ ውሃ አውጥቶ ከረሜላውን አጣበቀው፤ ኮባ ለዳቦ ነው። ግማሽ ሰዓት ከቀዘቀዘ በኋላ ትሪው በጨርቅ ተሸፍኖ በሙቀጫ ዘነዘና ቀስ ብሎ ይመታል፤ ስለቱ ምላስ ስለሚቆርጥ በጣም የሾሉት ቁርጥራጮች ተለይተው ይወጣሉ።

ደሙ የሚሠራው ከከርከዴ ነው። ሁለት የሾርባ ማንኪያ የደረቀ ከርከዴ በአንድ ኩባያ ውሃ አሥር ደቂቃ ይፈላና ይጠለላል፤ ሦስት የሾርባ ማንኪያ ስኳርና በጥቂት ቀዝቃዛ ውሃ የተበጠበጠ አንድ የሾርባ ማንኪያ የበቆሎ ስታርች ይጨመርበትና እስኪወፍር ይማሰላል። ቀይ ሥርም ቀለም ይሰጣል፤ ነገር ግን ረጅም ጊዜ ሲፈላ ቀለሙ ይጠፋል፣ የአፈርም ጣዕም አለው። ደሙ ከረሜላው ላይ የሚንጠባጠበው እንግዶቹ ሊገቡ ሲሉ ነው፤ ቀድሞ ከተቀባ እርጥበቱ መስታወቱን ያሟሟዋል።

የጭራቁ ራስ ከፈንዲሻ ይሠራል፤ ይህ በየቡናው ቁርስ የምናውቀው ፈንዲሻ ስለሆነ ከሁሉም የቀለለና የረከሰ ነው። ግማሽ ኩባያ የፈንዲሻ በቆሎ በዘይት ይፈነዳና ያልፈነዳው ጥርስ እንዳይሰብር ተለቅሞ ይወጣል። አንድ ኩባያ ስኳር፣ ሲሶ ኩባያ ውሃ፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ማርና ቁንጥር ጨው ቀደም ሲል እንደተባለው ጠንከር ያለ ድብልብል እስኪሆን ድረስ ይፈላና ፈንዲሻው ላይ ፈስሶ በእንጨት ማማሰያ ይገለባበጣል። ለእጅ የሚያስችል ያህል ሲበርድ፣ ግን ሳይደርቅ፣ ዘይት በተቀባ እጅ የቡጢ ያህል እየተጠቀለለ ይጨበጣል። ፍሬው የወጣለት ተምር ለሁለት ተከፍሎ ለዓይን ይጫናል፤ በባቲ የሰኞ ገበያ የሚገኘው ጠቆር ያለ ተምር ሲገጥም ዓይኑ ጉድጓድ ይመስላል። ቅርፊቱ የተላጠ የኦቾሎኒ ክክ በሁለት ረድፍ ተሰክቶ ጥርስ ይሆናል። ረድፉን ማስተካከል አያስፈልግም፤ ጭራቅ ጥርሱ የተንጋደደ ሲሆን ነው የሚያምርበት።

እኔ ከሁሉም የምኮራበት የኑጉ ሸረሪት ነው። ጥቁር ከረሜላ ለመሥራት በውጭ አገር ቀለም ይጠቀማሉ፤ እኛ ግን በተፈጥሮው የጠቆረ ኑግ አለን። ሁለት ኩባያ ኑግ በሰፌድ ተበጥሮ፣ ታጥቦና ደርቆ በምጣድ ላይ በለስላሳ እሳት ሽታው እስኪወጣ ብቻ ይታመሳል፤ ካረረ ይመራል። ከዚያም ዘይቱ ወጥቶ መያያዝ እስኪጀምር በሙቀጫ ይወቀጣል፤ ሦስት የሾርባ ማንኪያ ወፍራም ማርና ቁንጥር ጨው እየተጨመረ እንደ ጭብጦ ይጨበጣል። የማሩን ልክ እጅ ይወስነዋል፤ ጭብጦው ከተፈረከሰ ይጨመራል፣ እጅ ላይ ከተጣበቀ ኑግ ይታከላል። ትልቅ ድብልብል ለሆድ፣ ትንሽ ድብልብል ለራስ ይያያዛል።

እግሮቹ የሚወጡት ከብርቱካን ልጣጭ ነው። ልጣጩ በቀጭን ቀጭኑ ይቆረጥና ምሬቱ እንዲወጣ ውሃው እየተቀየረ ሦስት ጊዜ ይፈላል፤ ከዚያም እኩል በሆነ ስኳርና ውሃ ውስጥ ብርሃን እስኪያሳልፍ ድረስ 45 ደቂቃ ያህል በዝግታ ይበስላል፤ በደጋ ጥቂት ተጨማሪ ጊዜ ይወስዳል። ወጥቶ ሌሊቱን ይደርቃል። ለአንድ ሸረሪት ስምንት እግር ይሰካል። አብዛኞቹ ሸረሪቶች ስምንት ዓይን ስላላቸው ነጭ ሰሊጥም ስምንት ፍሬ ይለጠፋል፤ ልጆቹ እየቆጠሩ ይከራከሩበታል። የተረፈው ልጣጭ ስኳር ተነስንሶበት ትል ተብሎ ይቀርባል፤ በእኛ ቤት መጀመሪያ ያለቀው ይህ ነበር። ድሩን ለመሥራት፣ እንደ ደረቅ ከረሜላው የተፈላ ሽሮፕ በርዶ መወፈር ሲጀምር በማንኪያ እያነሡ ዘይት በተቀባ ትሪ ላይ በቀጭኑ ወዲያና ወዲህ ማፍሰስ ነው።

መስታወቱ፣ ልጣጩና የኑጉ ድብልብል ከአንድ ቀን በፊት ሊሠሩ ይችላሉ፤ ድሩና ፈንዲሻው ግን የዕለቱ ዕለት መሠራት አለባቸው። ስኳር ከአየር እርጥበት ስለሚስብ፣ የደሴ ጉም በመስኮት በሚገባበት ምሽት ክፍት የተተወ ከረሜላ እስኪነጋ ይለጣጠፋል፤ ስለዚህ በደንብ በሚዘጋ ቆርቆሮ ወይም ዕቃ ውስጥ፣ በየድርቡ መካከል ወረቀት እየገባ ይቀመጣል። ከአምስት ዓመት በታች ለሆኑ ልጆች ደረቅ ከረሜላ፣ ፈንዲሻና ሙሉ ኦቾሎኒ ስለሚያንቃቸው አይሰጣቸውም፤ ለእነርሱ ልጣጭ በትንሹ ተቆርጦ ይበቃል። ማር ያለበት ነገር ዓመት ላልሞላው ሕፃን አይሰጥም። ኦቾሎኒ ወይም ሰሊጥ የማይስማማው ልጅ መኖሩም ወላጆችን አስቀድሞ በመጠየቅ ይታወቃል።

ለማቅረብ መብራቱ ይጠፋና ሻማ ይበራል፤ ዕጣን ከተጨሰ ጢሱ ብቻውን ግማሹን ሥራ ይሠራል። ሸረሪቶቹን በድራቸው ላይ አድርጎ በመሶብ ክዳን መሸፈንና፣ ተረት ነጋሪው «ተረት ተረት» ብሎ ልጆቹ «የላም በረት» ሲሉ ሳይሆን፣ ጭራቁ በሩን በሚያንኳኳበት ቦታ ላይ ክዳኑን ማንሣት ይሻላል። ድስቱን ማንም እንዳይፍቀው፤ ውሃ ሞልቶ እሳት ላይ ቢጣድ የደረቀው ስኳር ራሱ ሟሙቶ ይለቃል።