አዲስ ሰፈር በነጭ በትር፦ ከክፍቱ ቱቦ እስከ መዝገብ ቤት

ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም በገባሁ በሦስተኛው ቀን ክፍት ቱቦ ውስጥ ወደቅኩ። ጉልበቴ ተላጠ፣ በትሬ ተጣመመ። ሊያነሣኝ የመጣው ሰው መጀመሪያ የጠየቀኝ፣ «እህቴ፣ ብቻሽን ማን ላከሽ?» ብሎ ነው። ማንም አልላከኝም፤ አስተማሪ ነኝ፣ ዳቦ ልገዛ ወጥቼ ነበር። ይህን የምጽፈው እንደ እኔ ወደ አዲስ አበባ ዳር ለመጣችሁ ዓይነ ስውራን ነው።

ከበትሩ እንጀምር። ቆማችሁ ጫፉን መሬት ስታስነኩት እጀታው ቢያንስ እስከ ደረት አጥንታችሁ ታችኛው ጫፍ ይድረስ፤ እርምጃችሁ ሰፊ ከሆነ ደግሞ ይርዘም። ቀኝ እግር ሲቀድም ጫፉ ወደ ግራ፣ ግራ እግር ሲቀድም ወደ ቀኝ ይሂድ፤ ስፋቱም ከትከሻችሁ ጥቂት ይለፍ። ይህን ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ፤ እኔም አውቀው ነበር። የወደቅኩት ግን መሬቱን ግራና ቀኝ መታ መታ እያደረግኩ ስለሄድኩ ነው። ጫፉ ቱቦውን ዘሎ ማዶውን ነካና «ደህና ነው» አለኝ። በማታውቁት ሰፈር ጫፉን ከመሬት አታንሡ፤ እየጎተታችሁ ሂዱ። ኮብልስቶን ላይ በድንጋዮቹ መካከል እየተሰነቀረ ሆድ ስለሚወጋ እጀታውን ከእምብርት ፊት ለፊት ሳይሆን ወደ ጎን ፈቀቅ አድርጋችሁ ያዙ። ጫፉ ከሰመጠ ቁሙ። ጥልቀቱንና ስፋቱን በበትሩ ሳትለኩ እግራችሁን አታንሡ።

ቀጥሎ መንገዱን ማጥናት ነው። እርምጃ መቁጠር አልወድም፤ አንድ ሰው ሰላም ሲላችሁ ቁጥሩ ይጠፋል። የምቆጥረው የሕንፃችንን ደረጃ ብቻ ነው። ውጭ የማይንቀሳቀስ ነገር ያዙ፦ የአጥር ግንብ፣ ዳገት፣ አስፋልቱ አልቆ ኮብልስቶን የሚጀምርበት ቦታ። ድምፅና ሽታ ይረዳሉ፣ ግን ይከዳሉ። ወፍጮ ቤቱ እሑድ ዝም ይላል። ለታክሲ መያዣው ምልክት ያደረግኩት ሥጋ ቤት በሁዳዴ ተዘግቶ ሃምሳ አምስት ቀን ያለ ምልክት ቀረሁ። የአዲስ–አዳማ ፈጣን መንገድ ድምፅ አቅጣጫ ይጠቁመኛል፣ ክረምት ላይ ግን ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲመታ ምንም አይሰማም፤ ስለዚህ የሚቻለኝን ሁሉ ከዝናቡ በፊት እጨርሳለሁ።

ሰዎች ክንዳችሁን ይዘው ሲገፏችሁ በቀስታ አስለቅቁና፣ «ይቅርታ፣ እኔ ልያዝዎት» በሉ። ክርናቸውን ይዛችሁ በግማሽ እርምጃ ከኋላ ተከተሉ። «እዚያ ጋ ነው» ለሚልም «በግራ ነው በቀኝ?» ብላችሁ መልሱለት።

አሁን ወደ ቱቦው። አቤቱታዬን ይዤ ብቻዬን ወደ አንድ ቢሮ ሄድኩ። የጥበቃ ሠራተኛው፣ «እርዳታ የሚሰጠው ሐሙስ ነው» አለኝ። ብቻችሁን አትሂዱ! በሰፈራችን ሌሎች ሦስት ዓይነ ስውራን አገኘሁ፤ አንዱ ሎተሪ አዟሪ ነው፣ ከእኔ ይልቅ መንገዱን እሱ ያውቀዋል። ልጅ አዝለው የሚሄዱ እናቶችና ምርኩዝ የያዙ አረጋውያንም ፈረሙልን፤ ቱቦው የሚውጠው እኛን ብቻ አይደለምና።

ደብዳቤው ከአንድ ገጽ አይለፍ። የልቅሶ ቃል አያስፈልገውም። ቱቦው ከየትኛው ሕንፃ አጠገብ እንደሆነና ምን ያህል እንደሚጠልቅ ጻፉ፤ እኔ የለካሁት በበትሬ ነው። ከዚያ ሕጉን ጥቀሱ። ኢትዮጵያ የአካል ጉዳተኞች መብቶች ኮንቬንሽንን በአዋጅ ቁጥር 676/2002 አጽድቃለች፤ የኮንቬንሽኑ አንቀጽ 9 ተደራሽ መሆን ካለባቸው ነገሮች መካከል መንገድን በስም ይጠራል። የጸደቀ ዓለም አቀፍ ስምምነት የአገሪቱ ሕግ አካል ነው የሚለው የሕገ መንግሥቱ አንቀጽም 9 ነው፣ ንዑስ አንቀጽ 4። ሁለቱም ዘጠኝ መሆናቸው ለማስታወስ ጠቅሞኛል። ግልባጩን ለኢትዮጵያ ዓይነ ስውራን ብሔራዊ ማኅበር አድርጉ፤ ማኅበሩ እ.ኤ.አ. ከ1960 ጀምሮ ያለ ነው፣ ስሙን ግልባጭ ላይ ያየ ኃላፊ ደብዳቤውን ዝም ብሎ መሳቢያ ውስጥ አይከተውም።

መዝገብ ቤት አስገብታችሁ ቁጥሩንና ቀኑን ካልያዛችሁ ደብዳቤው እንዳልተጻፈ ቁጠሩት። እኔ ቁጥሩን እዚያው ቆሜ የብሬል መጻፊያ በሆኑት በስሌትና በስታይለስ ወረቀት ላይ ወጋሁት። በሁለተኛው ጉዟችን ጸሐፊዋ፣ «ቁጥሩን የሚያነብልሽ ሰው ይዘሻል?» ስትለኝ ወረቀቱን አውጥቼ በጣቴ አነበብኩላት። ፋይሉ ወዲያው ተገኘ።

አምስት ጊዜ ተመላልሰናል። በሰፈራችን ክፍት ከነበሩት ሦስት ቱቦዎች ሁለቱ የሲሚንቶ ክዳን ገብቶላቸዋል። በሦስተኛው አፍ ላይ ሎተሪ አዟሪው ያረጀ የመኪና ጎማ አስቀምጧል፤ ወደ እኛ ሰፈር ከመጣችሁና በትራችሁ ጎማ ከነካ፣ ግራችሁን ይዛችሁ እለፉ።