ጫጩቶች ሌሊት ተደራርበው ሲሞቱ፦ የማሞቂያና የመብራት ችግሮች ከነመፍትሔያቸው

ደብረ ማርቆስ ላይ የአንድ ቀን ጫጩት አስገብቼ እስከ 45 ቀን አሳድጌ እሸጣለሁ። ከደጀን እስከ ቡሬ ያሉ አሳዳጊዎችም ሲቸግራቸው ይደውሉልኛል፤ ስለዚህ የሰውንም ቤት ብዙ አይቻለሁ። ክትባቱን፣ የመኖውንና የውሃውን ንጽሕና ታውቁታላችሁ ብዬ አልፈዋለሁ። እዚህ የምጽፈው ስለ ሙቀትና ስለ መብራት ብቻ ነው።

ልኩ ይህ ነው፦ በመጀመሪያው ሳምንት ጫጩቷ በቆመችበት ቁመት ከ32 እስከ 35 ዲግሪ ሴልሺየስ፤ ከዚያ በየሳምንቱ 2 ወይም 3 ዲግሪ እየቀነሰ ወደ 21 ዲግሪ ይወርዳል። ጫጩት በመጀመሪያዎቹ ሁለት ሳምንታት የሰውነቷን ሙቀት ራሷ መጠበቅ አትችልም። እስከዚያ የእናቷን ክንፍ የምትተኩት እናንተ ናችሁ።

ምልክት፦ ጠዋት በሩ ሲከፈት ጥግ ላይ ተከምረው የሞቱ ጫጩቶች

ከአሥር ጥሪ ስምንቱ ይኼ ነው። ከሥር ያሉት ጠፍጥፈዋል፣ ላባቸው ረጥቧል፣ ከላይ ያሉት ግን በሕይወት አሉ፣ ይጮኻሉ። ባለቤቱ ወዲያው «ፈንግል (ዶሮ የሚፈጀው ወረርሽኝ) ገባብኝ» ብሎ ወደ መድኃኒት ቤት ይሮጣል። እባካችሁ አትሩጡ። ፈንግል አንድ ጥግ መርጦ፣ ያውም የታችኞቹን ብቻ ለይቶ አይገድልም። እነዚህ የሞቱት ታፍነው ነው። የታፈኑት ስለተደራረቡ ነው፤ የተደራረቡት ደግሞ ስለበረዳቸው ነው።

የመጀመሪያው ምክንያት አምፖሉ ነው። ባለፈው ክረምት በቢቸና በኩል አንዲት እናት ሳሶ የሚባለውን ዝርያ 200 ጫጩት አስገብተው በመጀመሪያው ሌሊት ከስልሳ በላይ ሞቱባቸው። ስደርስ ቤቱ እንደ ቀትር በርቷል። «ልጄ፣ ሦስት ባለ መቶ አምፖል ነው እኮ ያበራሁላቸው፤ ምን አጎደልኩ?» አሉኝ። «እማማ፣ የአምፖሉን ካርቶን ያምጡልኝ» አልኳቸው። ካርቶኑ ላይ በትልቁ 100 ተጽፏል፤ ከጎኑ ደግሞ ዓይን በሚያስጨንቅ ፊደል 12 ዋት ይላል። መቶው «ብርሃኔ ከባለ መቶው አሮጌ አምፖል እኩል ነው» ለማለት የተጻፈ ነው። ሦስቱ ተደምረው 36 ዋት ናቸው፤ ከአንድ ባለ 40 አሮጌ አምፖል ያንሳሉ። እጃቸውን ይዤ ጭዱ ላይ አስቀመጥኩት፤ ቀዝቃዛ ነበር። ዓይናቸው እንባ አቀረረ፤ ጫጩቶቹን የገዙት በብድር ገንዘብ ነበርና።

ባለ ክሩ አሮጌ አምፖል ከሚበላው ኤሌክትሪክ ከ90 በመቶ በላይ የሚሆነውን የሚያወጣው በሙቀት መልክ ነው። ለሳሎን ይህ ብክነት ነው፤ ለጫጩት ግን ሲሳይ ነው። ኤልኢዲውና ኢኮኖሚ አምፖሉ የተሠሩት ሙቀት እንዳያባክኑ ነው፤ ስለዚህ መኖና ውሃ ለማሳየት ይጠቅማሉ እንጂ አያሞቁም። ይህን እያወቀ «ለጫጩት ይሆናል» ብሎ ኤልኢዲ የሚሸጥ ነጋዴ አለ፤ ያናድደኛል። ሱቅ ውስጥ አምፖሉን አሥር ደቂቃ አስበሩና መዳፋችሁን ሳትነኩ አስጠጉት። የሚያሞቅ አምፖል ከሆነ እጃችሁን አቅርባችሁ አትቆዩም።

እኔ የምጠቀመው ባለ 250 ዋቱን ቀይ የማሞቂያ አምፖል ነው። ከወለሉ ከ45 እስከ 60 ሴንቲ ሜትር ከፍታ ላይ ይሰቀላል። ለ100 ጫጩት በደብረ ማርቆስ ብርድ ሁለት እሰቅላለሁ፣ አንዱ ሌሊት ቢቃጠል ሌላው እንዲያሳድራቸው። አንድ አምፖል ብቻ ሰቅሎ የሚተኛ ሰው ሀብቱን በአንድ ቀጭን ክር ላይ አንጠልጥሎ ነው የሚተኛው።

ሁለተኛው ምክንያት ቴርሞሜትሩ የተሰቀለበት ቦታ ነው። ግድግዳ ላይ፣ በሰው ደረት ቁመት ይሰቅሉታል። ሙቅ አየር ወደ ላይ ይወጣል፤ ቴርሞሜትሩ 33 ሲል ወለሉ 24 ሆኖ አግኝቻለሁ። የቤቱ ባለቤት «ይኸው 33 ይላል» ብሎ ሊከራከረኝ ፈለገ። አውርጄ ጭዱ ላይ አስቀመጥኩትና አብረን ቁጭ ብለን አየነው። ሲወርድ፣ ሲወርድ፣ ሲወርድ ዝም አለ። ቴርሞሜትሩን በጫጩቷ ጀርባ ቁመት አስቀምጡ፤ አንዱን ከአምፖሉ ሥር፣ አንዱን ጫጩቶቹ ከታጠሩበት ክብ ዳር።

ሦስተኛው የምሽቱ ኃይል ማነስ ነው፤ ብዙ ሰው የማይጠረጥረው ይህንን ነው። ከምሽቱ 1 ሰዓት እስከ 3 ሰዓት ሰፈሩ ሁሉ ምጣድና ስቶቭ ይሰካል። አንድ አሳዳጊ ቤት በቴስተር ስለካ 220 መሆን የነበረበት 165 ቮልት ሆኖ አገኘሁት። በዚህ ኃይል 2,000 ዋት የተጻፈበት ባለ ሽቦ ማሞቂያ የሚሰጠው ወደ 1,100 ዋት ብቻ ነው፤ ቮልቱ በሩብ ሲቀንስ ሙቀቱ በግማሽ ገደማ ይወርዳል። ሳሎን ያለው ኤልኢዲ ግን ሳይደበዝዝ ስለሚበራ «መብራቱማ ደህና ነው» ይላሉ። ሰውየው በየምሽቱ ስለበረዳቸው አምፖሉን ዝቅ ያደርግላቸዋል፤ ሰፈሩ ሲተኛ ኃይሉ ይመለሳል፣ ዝቅ ያለው አምፖል ደግሞ ያቃጥላቸዋል። ከመሸ አምፖል ዝቅ አታድርጉ። ሌላ ተጨማሪ አምፖል አብሩ፣ ስትተኙ ኃይሉ መመለሱን አይታችሁ እሱን አጥፉት።

መፍትሔው ላይ የምጨምረው አለ። ጥግ አይኑር፤ በካርቶን ወይም በላሜራ ክብ ሥሩ፣ ለ100 ጫጩት ወርዱ አንድ ሜትር ተኩል ያህል። ጥግ ካለ ይከመሩበታል። ሙቀቱን ክቡ መካከል አድርጉት፤ ዳሩ ቀዝቀዝ ይበል፣ ጫጩቷ ራሷ ትምረጥ። ጫጩቶቹ ከመምጣታቸው በፊት ቀድማችሁ አብሩና ጭዱ ከሥሩ መሞቁን በእጃችሁ ፈትሹ፤ አየሩ ሞቆ ወለሉ ከቀዘቀዘ ብርዱ በእግራቸው ይገባል።

ከዚያ ሌሊት 9 ሰዓት ተነሥታችሁ እዩ። ከምሽቱ 2 ሰዓት ያያችሁት አይቆጠርም። ተበትነው ተኝተው ከሆነ ልክ ነው። አምፖሉ ሥር ተጣብቀው በቀጭን ድምፅ ከጮኹ በርዷቸዋል። ሁሉም ወደ አንድ ወገን ከሸሹ ከሌላው ወገን ነፋስ ይገባል፤ በጫጩት ቁመት ጎንበስ ብላችሁ የበሩን ሥር በእጃችሁ ዳስሱ። ለባሕር ዳር የተነገራችሁን ምክር እንጅባራ ላይ እንዳለ አትውሰዱት። ባሕር ዳር ወደ 1,800 ሜትር ከፍታ ላይ ነው፣ ደብረ ማርቆስ ወደ 2,400፣ እንጅባራ ደግሞ ከዚያም ይበልጣል፤ ሌሊቱ አንድ አይደለም።

ምልክት፦ መብራት በጠፋ ሌሊት ብቻ መከመር

ሃያ አራት ሰዓት ብርሃን የለመደች ጫጩት ድንገት ሲጨልምባት ትደነግጣለች፤ ባይበርዳትም ትከመራለች። ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ በየቀኑ አንድ ሰዓት ጨለማ አስለምዷቸው፤ 23 ሰዓት ብርሃን መኖና ውሃ ለማግኘት ይበቃቸዋል። የሚያሞቀው አምፖል ራሱ ስለሚያበራ ይህችን ሰዓት እኩለ ቀን ላይ፣ ቤቱ በሞቀበት ጊዜ፣ መስኮቱን ጋርዳችሁ አድርጓት።

ለብርዱ ደግሞ ጀሪካን አዘጋጁ። ውሃውን አፍልታችሁ ጥቂት ቀዝቀዝ ሲል ሙሉ (የሚንተከተከው ፕላስቲኩን ያጣምመዋል)፣ ክዳኑን አጥብቁ፣ በጆንያ ጠቅልላችሁ ክቡ መካከል አኑሩ። እኔ ለ100 ጫጩት ሁለት ባለ 20 ሊትር አስቀምጥና እያፈራረቅሁ እሞላለሁ። መብራት የሌለበት ገጠር ላላችሁ የግብርና ባለሙያዎች የሚያሳዩት ባለ ገለባ ሳጥን አለ፤ ግድግዳው በገለባ የታጨቀ ስለሆነ የጫጩቶቹን የራሳቸውን ሙቀት ይይዛል። በትክክል ከተሠራ ከመጥፎ አምፖል በብዙ ይሻላል።

ከሰል ግን አደራ! ጭሱ አለቀ ማለት መርዙ አለቀ ማለት አይደለም። የሚገድለው ጋዝ አይታይም፣ አይሸትም። በተዘጋ ቤት ጫጩቶቹን ብቻ ሳይሆን «ልጠብቃቸው» ብሎ አብሯቸው ያደረውንም ሰው ይገድላል። ፍሙ ውጭ የነደደ ቢሆንም ያው ነው። በተዘጋ ቤት ከሰል ይዛችሁ አትደሩ።

ምልክት፦ አፍ ከፍቶ ማለክለክ፣ ክንፍ ዘርግቶ ከአምፖሉ መሸሽ

ሞቋቸዋል። ፍኖተ ሰላም አካባቢ ቆርቆሮ ጣሪያ ያለው ቤት ቀን ላይ ራሱ ምድጃ ነው፤ ከረፋዱ 4 ሰዓት ጀምሮ አምፖሉን ከፍ አድርጉ ወይም አጥፉ፣ ውሃ ጨምሩ።

ምልክት፦ የቀለጠ የአምፖል መያዣ፣ የተቃጠለ ሽቦ ሽታ

ባለ 250 ዋቱን በፕላስቲክ መያዣ አትስቀሉ። ፕላስቲኩ ቀስ እያለ ይለሰልስና አምፖሉን ጭድ ላይ ይጥለዋል። የጤፍ ጭድ እንዴት እንደሚነድ ማንም ጎጃሜ ያውቃል። አንድ ቤት ጭዱ በእጅ መዳፍ ስፋት ጠቁሮ ደርሻለሁ፤ ባለቤቱ ለሽንት ወጥቶ ሽታው ባይነካው ኖሮ ቤቱም አይተርፍም ነበር። የሴራሚክ መያዣ ግዙ። አምፖሉን በሰንሰለት ስቀሉ፣ በኤሌክትሪክ ሽቦው አይደለም። በናስትሮ የተቀጣጠለ ሽቦ ክቡ ውስጥ አይግባ። ሦስት አምፖልና ምጣድ አንድ ኤክስቴንሽን ላይ አትሰኩ። አምፖሉ ላይ ውሃ አይረጭ፤ የጋለው መስታወት ይፈነዳል።

ምልክት፦ እርስ በርስ መናቆር፣ ጣትና ጅራት ማድማት

ብዙውን ጊዜ ነጩ ብርሃን በዝቶ ነው፣ ወይም ቦታው ጠብቧል። በቀይ አምፖል ተኩት፤ የደማችዋን ለይታችሁ አውጡ።

ምልክት፦ ቂጥ በኩስ መደፈን

ብርድም ሙቀትም ያመጣዋል። በለብታ ውሃ አርሳችሁ አላቁት፣ አትጎትቱት፤ ከዚያ ሙቀቱን አስተካክሉ።

ምልክት፦ ዓይን ማቅላት፣ ሲገቡ አፍንጫ የሚሰነፍጥ ሽታ

ለብርድ ብለው ቤቱን በላስቲክ የሚያሽጉ አሉ። ብርዱን ከሥር ዝጉት፣ ከጣሪያው ሥር ግን አየር መውጫ ተዉ፣ የረጠበውን ጭድ አውጡ።

አልፎ አልፎ የሚያጋጥም አንድ ነገር፦ አዲስ አምፖል በበራ በሰዓታት ውስጥ ያለ ምልክት ብዙ ሲሞቱ። መስታወቱ እንዳይበተን ተብሎ ከማይጣበቅ ምጣድ ጋር አንድ ዓይነት ሽፋን የተቀባ አምፖል ሊሆን ይችላል፤ ሽፋኑ ሲግል የሚያወጣው ጋዝ ለወፍ ዘር መርዝ ነው። ወዲያው አውጡት፣ ቤቱን አናፍሱ።

አምስተኛው ሳምንት ላይ አምፖሉን በአንድ ጊዜ አትንቀሉ። መጀመሪያ ቀን ቀን አጥፉ፣ ከሦስትና ከአራት ቀን በኋላ ከአምፖሎቹ አንዱን ሌሊትም አጥፉ። በጥቅምትና በኅዳር ውርጭ ላባቸው ደረታቸውን ሳይሸፍን የመጨረሻውን አምፖል አላጠፋም፤ ባጠፋሁባት ሌሊት ደግሞ 9 ሰዓት ላይ ባትሪ ይዤ እገባለሁ።