የመንግሥት ቅጥር ላይ ቅሬታ እንዴት ይቀርባል?

ደሴ ፒያሳ ሻይ ቤት ቁጭ ብላችሁ ጆሮ ብትጥሉ፣ ስለ መንግሥት ቅጥር የምትሰሙት ያው ነው። «ሰው ከሌለህ አትልፋ።» እኔም ስለው ኖሬያለሁ። ሁለት ጊዜ ቅሬታ አቅርቤ አውቃለሁ። የመጀመሪያውን ራሴ አበላሸሁት። ሁለተኛው ግን ሰራ።

መጀመሪያ ማስታወቂያውን ፎቶ አንሱ። ሙሉውን፣ ቀኑና ማኅተሙ እየታየ። የመጀመሪያው ጊዜ እኔ አላነሳሁም። ሐምሌ ነበር፤ የደሴን ክረምት መቼም ታውቁታላችሁ። የሥራ ልምዱ ዓመት በእስክሪብቶ ነበር የተሞላው። ዝናብ ሲመታው ቁጥሩ ሰማያዊ ነጠብጣብ ሆኖ ቀረ። ትንሽ ቆይቶ የጨረታ ማስታወቂያ ተለጠፈበት። በኋላ «ማስታወቂያው እንዲህ አይልም» ብዬ ስከራከር የማሳየው ነገር አልነበረኝም።

ቀጥሎ መሥሪያ ቤቱ የማን እንደሆነ እወቁ። ወሎ ዩኒቨርሲቲ ደሴና ኮምቦልቻ ላይ ቢሆንም ፌዴራል ነው፤ ወልድያ ዩኒቨርሲቲም እንደዚያው። የወረዳና የዞን ጽሕፈት ቤቶች ግን የክልሉ ናቸው፤ የሚቀጥሩትም በክልሉ ሕግ ነው። የፌዴራሉን የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ወረዳ ላይ ብትጠቅሱ ደብዳቤያችሁን አልቀበልም ማለት የሚፈልግ ሰው ምክንያት አገኘ ማለት ነው። ሕገ መንግሥቱ ግን ለሁሉም ይሠራል። አንቀጽ 25 ሰው ሁሉ በሕግ ፊት እኩል ነው ይላል።

ምዝገባው ላይ ኦርጅናልና ኮፒ ያዙ፣ የምዝገባ ቁጥራችሁን ጻፉ። በቃ።

ፈተና ላይ አንድ ነገር ብቻ። መልስ ወረቀቱ ላይ በኮድ ፈንታ ስም ጻፉ ከተባላችሁ፣ ያኔውኑ እጅ አውጥታችሁ ጠይቁ። ውጤት ከተለጠፈ በኋላ ብታነሱት የተሸናፊ ወሬ ይመስላል።

አሁን ዋናው፣ ደብዳቤው። ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ነው። የእኔ የመጀመሪያ ደብዳቤ አራት ገጽ ነበር። ራፖር ጸሐፊ ጋ ሄጄ ነው ያስጻፍኩት። እነሱ ደግሞ «ክቡርነትዎ» እያሉ ገጽ መሙላት ይወዳሉ፤ እኔ አልመክርም። ኃላፊው የአጎቱን ልጅ እንደቀጠረ፣ እኔ ስንት ዓመት እንደተንከራተትኩ፣ እናቴ እንደታመመች ሁሉ ተጽፏል። ማስረጃ ግን አንድም የለም። የአጎት ልጅነቱንም የሰማሁት ከሻይ ቤት ነው። ሌላው ሁሉ ቀርቶ በስም ማጥፋት አለመከሰሴ ተመስገን ነው።

ስለዚህ «ይገባኝ ነበር» አትበሉ። ማን ይገባዋል የሚለው ማለቂያ የለውም። የተጣሰውን ሥርዓት ብቻ ጻፉ። ሁለተኛው ጊዜ ከፈተናው በፊት ስሜ ከማጣሪያው ተሰረዘ። ምክንያቱን ስጠይቅ «በማታ ነው የተማርከው» ተባልኩ። ደብዳቤዬ አንድ አንቀጽ ነበር፦

«በማስታወቂያው ለተገለጸው መደብ ተመዝግቤ ትምህርቴን በማታ በመከታተሌ ከማጣሪያው ወጥቻለሁ። ማስታወቂያው ዲግሪ እንጂ በመደበኛ የሚል መስፈርት የለውም። ያልተገለጸ መስፈርት ሥራ ላይ የዋለበት ቃለ ጉባኤ እንዲታይና መልሱ በጽሑፍ እንዲሰጠኝ እጠይቃለሁ።»

የማስታወቂያው ፎቶ ታትሞ አብሮ ተያይዟል። ከዚህ በላይ አያስፈልግም።

ሴቶችና አካል ጉዳተኞች እኩል ወይም ተቀራራቢ ውጤት ሲያመጡ ቅድሚያ አላቸው፤ ከታለፋችሁ ይህን ለይታችሁ ጻፉ። አካል ጉዳተኛ ከሆናችሁ የአካል ጉዳተኞችን የሥራ ስምሪት መብት የሚደነግገውን አዋጅ ቁጥር 568/2000ን ጥቀሱ። በአካል ጉዳቴ ምክንያት አድልዎ ተደረገብኝ ብላችሁ ክስ ካቀረባችሁ፣ አድልዎ አለመኖሩን የማስረዳት ሸክሙ የመሥሪያ ቤቱ ነው። ይህን የማያውቅ የሰው ሀብት ሠራተኛ ገጥሞኛል፤ ስለዚህ አዋጁን አሳትማችሁ ሂዱ።

ደብዳቤውን በሁለት ኮፒ ይዛችሁ መዝገብ ቤት ሂዱ። ገቢ አስደርጉ፣ ቁጥሩና ቀኑ በቀሪው ላይ ይጻፍ፣ ማኅተም ይረፍበት። ለኃላፊው በእጅ አትስጡ። እኔ የመጀመሪያውን በእጄ ሰጥቼ፣ «አብሽር ወንድሜ፣ እናየዋለን» ተብዬ ደስ ብሎኝ ወጣሁ። አብሽር ግን ገቢ ቁጥር የለውም። ተመልሼ ስሄድ የቅሬታ ጊዜው አልፏል ተባልኩ፣ ደብዳቤውም የለም። ጊዜው ስንት ቀን እንደሆነ ውጤት በተለጠፈበት ዕለት ጠይቁ።

ዝም ካሉ ሁለት በር አለ። በመገናኛ ብዙኃንና የመረጃ ነፃነት አዋጅ ቁጥር 590/2000 የውጤት ዝርዝሩንና የመመዘኛ ነጥቡን መጠየቅ ትችላላችሁ፤ በ30 ቀን ውስጥ መልስ ሊሰጧችሁ ይገባል። ሌላው የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም ነው። አቤቱታ በነፃ ይቀበላል፤ ባሕር ዳርም ቅርንጫፍ አለው። ግን መጀመሪያ መሥሪያ ቤቱን በጽሑፍ መጠየቃችሁን ያያል፤ ማኅተም ያረፈበት ቀሪ እዚህም ያስፈልጋል።

የእኔ እዚያ አልደረሰም። ማጣሪያው እንደገና ተሠርቶ ስሜ ገባ፣ ተፈተንኩ። ውጤት ሲለጠፍ እኔ ተጠባባቂ ሆንኩ። አንደኛ የወጣችው ከሐይቅ ከተማ የመጣች ልጅ ናት። እሷም በማታ ነበር የተማረችው።