የመብት ትግልን በሥዕል ስንተርክ ልናስወግዳቸው የሚገቡ ስህተቶች

ደብረ ብርሃን ላይ ተማሪ ሰብስባችሁ ኮሚክ የምታስነብቡ መምህራን፣ ወይም ከሸዋ ሮቢት እስከ መሐል ሜዳ የአካባቢያችሁን ታሪክ በሥዕል ለማውጣት የተነሳችሁ ወጣቶች፣ ይህ ለእናንተ ነው።

ትልቁ ስህተት ታሪኩን የአንድ ሰው ማድረግ ነው። የጥቁር አሜሪካዊቷ የሮዛ ፓርክስ ታሪክ ብዙ ጊዜ እንዲህ ይተረካል፦ የደከማት ልብስ ሰፊ ለነጭ ተሳፋሪ ብዬ ከአውቶቡስ ወንበሬ አልነሳም አለች፣ ሕጉም ተቀየረ። ሮዛ ግን በሞንትጎመሪ ከተማ የጥቁሮች መብት ማኅበር ጸሐፊ ነበረች፤ ለዓመታት ታግላለች። ከእሷ ዘጠኝ ወር ቀደም ብላ የ15 ዓመቷ ክሎዴት ኮልቪን በዚያው ከተማ ወንበሬን አልለቅም ብላ ታስራለች። በአውቶቡስ ላይ የነበረውን መድልዎ ባስቀረው ክስ ላይም ከከሳሾቹ አንዷ ኮልቪን ናት፤ ሮዛ የለችበትም። ሮዛ በታሰረችበት ሌሊት ደግሞ ጆ አን ሮቢንሰን የምትባል የኮሌጅ መምህርት ከሁለት ተማሪዎቿ ጋር በአሥር ሺዎች የሚቆጠር የአድማ ወረቀት ስታባዛ አደረች። ሙሉ ገጽ የሚገባው ይህ ሌሊት ነው። ቀለም የነካው ጣት፣ የወረቀቱ ክምር፣ ሊነጋ ሲል መስኮቱ። ከዚያ ሕዝቡ አውቶቡስ ትቶ 381 ቀን ቆየ። በእግር የሄዱትን ሠራተኞች ሳትሥሉ ድሉን አትሣሉ።

የዘመን አቆጣጠር መደባለቅም አለ። ሮዛ የታሰረችው ዲሴምበር 1 ቀን 1955 ነው። በእኛ ኅዳር 21 ቀን 1948፣ የኅዳር ጽዮን ዕለት። በአሜሪካዋ ሰልማ ከተማ ድልድይ ላይ ለጥቁሮች የመምረጥ መብት የወጡ ሰልፈኞች የተደበደቡት ደግሞ በእኛ የካቲት 28 ቀን 1957 ነው። በዚያው የካቲት አዲስ አበባ ላይ ተማሪዎች «መሬት ላራሹ» ብለው ሰልፍ ወጥተዋል። ሁለቱን ጎን ለጎን በአንድ ገጽ ማየት ምን ያህል ደስ ይል ነበር!

ስለ መሬት ከተነሳ፣ የመንዝን ገበሬ እንደ ደቡቡ ጭሰኛ አትሣሉት። ደቡብ ላይ ብዙው ገበሬ ከምርቱ ሲሶ ወይም እኩሌታ ለባለመሬቱ ይሰጥ ነበር። መንዝ ላይ ግን አብዛኛው የሚያርሰው ርስቱን ነበር፤ ክርክሩም የትውልድ ቆጠራና የድርሻ ነበር። የየካቲት 25 ቀን 1967ቱ የመሬት አዋጅ ሁለቱም ጋ በአንድ ዓይነት ስሜት አልተሰማም። ልብሱንም አትርሱ። የመንዝ ደጋ ሰው ባናውን ደርቦ ነው የሚወጣው።

በእውነተኛ ሰው አፍ የፈጠራ ንግግር አትጨምሩ። ማስረጃ ከሌለ ሥዕሉ ዝም ይበል። አባቶችና እናቶች የነገሯችሁንም ከማተማችሁ በፊት መልሳችሁ አንብቡላቸው፤ «ይህስ ይቅር» ካሉ ይቅር።

የመጨረሻው «የቀለም ማተሚያ ገንዘብ የለንም» ብሎ መተው ነው። በሰልማ የራስ ቅሉ የተሰነጠቀው ጆን ሉዊስ ከአንድሩ አይዲንና ከሠዓሊው ኔት ፓወል ጋር ያወጣው «ማርች» የተባለ ኮሚክ ውስጡ በጥቁርና ነጭ የተሠራ ነው። ሦስተኛው ቅጽ በፈረንጆቹ 2016 የአሜሪካን ብሔራዊ የመጽሐፍ ሽልማት አግኝቷል። እናንተም በጥቁር እስክሪብቶ ጀምሩ፤ ለማባዛቱ ፎቶ ኮፒ ቤት ይበቃል።