የታይታኒክን የተቆረጡ ትዕይንቶች በየቦታቸው መልሶ እንዴት ማየት ይቻላል?

አስቀድመን አንድ ነገር እናጥራ። ታይታኒክ ይፋዊ «ረጅም ቅጂ» የለውም። ጄምስ ካሜሮን እ.ኤ.አ. በ1997 ያወጣው የ3 ሰዓት ከሩብ ገደማ ፊልም የመጨረሻው ነው። «የተራዘመው» እየተባለ ኢንተርኔት ላይ የሚዞረው ተመልካች የገጣጠመው ስለሆነ እለፉት።

ደረጃ 1፦ ትክክለኛውን ዲስክ ያዙ። በ2005 በወጣው ልዩ ዲቪዲና በ2012ቱ ብሉ ሬይ ላይ 30 ገደማ የተቆረጡ ትዕይንቶች አሉ። ያገለገለ ስትገዙ ጀርባውን አንብቡ። ፊልሙ ብቻ ያለበት ዲስክ ሞልቷል።

ደረጃ 2፦ በተርታ አትዩዋቸው። ፊልሙን ክፈቱ፣ ቦታቸው ሲደርስ አቁሙ፣ ትዕይንቱን አይታችሁ ተመለሱ።

ደረጃ 3፦ መርከቧ ከበረዶው ከመላተሟ በፊት አቁሙ። ካሊፎርኒያን የተባለች መርከብ በአቅራቢያው በበረዶ ተከባ ቆማለች። ወጣቱ የሬዲዮ ሠራተኛ ሲሪል ኢቫንስ ይህንኑ ለታይታኒክ ይነግራል። የታይታኒክ የሬዲዮ ሠራተኛ ጃክ ፊሊፕስ ግን የተሳፋሪ መልእክት በዝቶበታልና ዝም በል ይለዋል። ኢቫንስ ሬዲዮውን ዘግቶ ይተኛል። ይህ በእውነት የሆነ ነው። ከዚህ በኋላ የእርዳታ ጥሪውን ስትሰሙ ሆዳችሁ ይላወሳል።

ደረጃ 4፦ ሰዎች ጀልባ ላይ ሲሳፈሩ እንደገና አቁሙ። ውሃው ክፍላቸው ሲገባ አልጋ ላይ ተቃቅፈው የተኙትን ሽማግሌና አሮጊት ታስታውሳላችሁ? ከሜሲስ መደብር ባለቤቶች አንዱ የነበሩት ኢሲዶር ስትራውስና ባለቤታቸው አይዳ ናቸው። በተቆረጠው ትዕይንት እሳቸው ጀልባው ላይ ውጪ ብለው ይለምናሉ፤ እሷ ወይ ፍንክች። ዕድሜ ልክ አብረው ኖረው አሁን ልትለያቸው አልፈለገችም። ያን አይታችሁ ወደ አልጋው ስትመለሱ እነዚያ ጥቂት ሰከንዶች ሌላ ይሆናሉ። እኔ ይህ መቆረጡ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ደረጃ 5፦ የመኮንን ሎው ጀልባ ሰው ፍለጋ ስትመለስ፣ እንጨት ላይ ተንሳፎ የተገኘውን ቻይናዊ ጨምሩ። ታይታኒክ ላይ 8 ቻይናውያን ነበሩ፤ 6ቱ ተርፈዋል።

ደረጃ 6፦ ሌላውን ፍጻሜ ለሌላ ቀን አቆዩት። በዚያኛው አልማዙን ሲፈልግ የኖረው ሎቬትና የሮዝ የልጅ ልጅ ሊዚ፣ አሮጊቷ ሮዝ ላይ ይደርሱባታል። አልማዙን ለአፍታ ለሎቬት ታስይዝና ባሕር ትከተዋለች። ካሜሮን ይህን መቁረጡ ልክ ነበር፤ ያ ምስጢር የሷ ብቻ ነው። ከዚያ ወዲያው የፊልሙን ፍጻሜ መልሳችሁ ክፈቱ፤ ሮዝ በሌሊት ልብሷ፣ በባዶ እግሯ የመርከቡን አጥር ስትወጣ ማንም አያያትም።